ከዝናብ በፊት የሚቀረጽ ለቅሶ

እሑድ፣ ኦክቶበር 26

ቀረጻው ሊጀመር ሳምንት ቀረው። ይህን ደብተር በአማርኛ የምጽፈው ቢሮ ጠረጴዛ ላይ ብረሳው እንኳ ዳይሬክተራችን ሊዮር እንዳያነበው ነው። የሐይፋ ልጅ ነው፣ ፊደሉን አይቆጥርም። ዳይሬክተር ብዙ ነገር ማወቅ አለበት፤ ፕሮዲውሰሯ እንደምትፈራ ግን ማወቅ የለበትም።

የምፈራው ዝናብ ነው። ታሪካችን የሚያልቀው በመከር ወቅት ስለሆነ እዚህ አፉላ፣ ከጊቫት ሃሞሬ ሰፈር በስተጀርባ ያለው ተራራ ቢጫ ሆኖ መታየት አለበት። የመጀመሪያው ዝናብ ከጣለ በኋላ ወዲያው ሣር ይወጣል፣ ተራራው ይለመልማል፣ የአፉላ ሰው ሁሉ ልጆቹን ይዞ ፎቶ ለመነሳት ይወጣል። እኔ አለቀልኝ ማለት ነው። ቀረጻው በጦርነቱ ምክንያት ሁለቴ ተላልፏል። ለሦስተኛ ጊዜ ቢተላለፍ የሚረዳን የፊልም ፈንድ እንደማይጠብቀን በትህትና ነግረውኛል።

ቢሮዬ መሀል ከተማ፣ ከሱፍ መቁያው ሱቅ በላይ ነው። ቀኑን ሙሉ የተቆላ ሱፍ ይሸተኛል። ዛሬ ቁርስም ምሳም ሱፍ ነበር።

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 29

ኤልቪራ ከሜክሲኮ ደወለች። ሰማንያን አልፋለች፤ እንግሊዝኛዋ ከእኔው አይሻልም፣ ስለዚህ በደንብ እንግባባለን። ፊልማችን በመሠረቱ የአባቷ ነው። ድሮ፣ ፊልም ሁሉ ጥቁርና ነጭ በነበረበት ዘመን፣ አባቷ እዚያ አገር ፕሮዲውሰር ሆኖ ያሠራው የገበሬ ታሪክ ነው። የባለርስቱ ሰዎች የአንዲት መበለት አንድ ልጇን ይገድሉባታል። ባለርስቱን ፈርቶ ለቅሶ የሚደርስ ጎረቤት ይጠፋል። እናት ተራራ ላይ ወጥታ ብቻዋን ታለቅሳለች። ይህን ፊልም አዳሪ ትምህርት ቤት ሳለሁ በቴሌቪዥን አይቼ «ይሄ የኛ አገር ነው» ብዬ ጓደኞቼን ተሟገትኳቸው። ሳቁብኝ። ከዚያ ወዲህ በአማርኛ እሠራዋለሁ እንዳልኩ አረጀሁ።

ስለ አባቷ ሥራ ስጠይቃት ደስ ይላታል። አንድ ጊዜ ለቀረጻ የመረጡት ሜዳ በዝናብ ለምልሞ ቢያገኘው፣ ሰው ቀጥሮ ሣሩን በሙሉ ጭቃ አስቀባው አለችኝ። ፈረሶቹ በልተውት ታመሙ። ብዙ ሳቅን። ከዚያ ሌላ አወራችኝ። የካሜራው ባለሙያ ቤቱ መቃጠሉን የሚናገር ቴሌግራም ቀረጻው መሀል መጣ። አባቷ አነበበና ኪሱ ከተተው፤ የመጨረሻው ምስል እስኪነሳ ድረስ ትንፍሽ አላለም።

«የፕሮዲውሰር ሥራ ደጅ ላይ ቆሞ መጥፎ ወሬ ካሜራው ዘንድ እንዳይገባ መከልከል ነው ይል ነበር» አለችኝ።

ወደድኩት። በዕብራይስጥ ጽፌ ከጠረጴዛዬ ፊት ለፊት ግድግዳው ላይ ለጠፍኩት። ሊዮር አይቶ «ይሄማ አንቺ ነሽ» አለኝ።

ሰኞ፣ ኖቬምበር 3

የመጀመሪያው ቀን። የመብራት መኪናው ዘገየ፣ ፍየሎቹ አምልጠው ወደ አስፋልቱ ወረዱ፣ እኔ ሦስት ሰው ላይ ጮህኩ። እትዬ ስንቅነሽ ግን ከሁላችን ቀድመው ተራራው ላይ ድንጋይ መርጠው ተቀምጠው ነበር።

እሳቸው ተዋናይ አይደሉም፣ አልቃሽ ናቸው። ከሐደራ እስከ ቂርያት ጋት ሰው ሲሞት የሚጠሩት እሳቸውን ነው። ሊዮር ለመበለቲቱ ቦታ ያመጣሁለትን ተዋናይ ሁሉ ሲመልስ ቆይቶ አንድ ቀን ለቅሶ ቤት ወሰድኩት። እትዬ ስንቅነሽ ሙሾ ሲያወርዱ ሰማ፤ አንድ ቃል ሳይገባው ዕንባው ወረደ። እሳቸውን ለማሳመን ደግሞ እኔ አራት ቅዳሜ ቤታቸው ተመላለስኩ። «ያልሞተ ሰው ማልቀስ ነውር ነው» ይሉ ነበር። በመጨረሻ «እንግዲህ ላንች ስል ነው፣ ቃሌን ሰጥቸሻለሁ» አሉኝ።

ምሳ ላይ ስለ ወንድማቸው አጫወቱኝ። ሙላው ይባላል፣ ታናሻቸው ነው። በሰማንያዎቹ እሳቸው በሱዳን በኩል ወደ እስራኤል ሲወጡ እሱ የታመሙ አባታቸውን ይዞ ጎንደር ቀረ። አባትየው ሞቱ፣ እሱ እዚያው አገባ፣ ወለደ፣ አረጀ። ዘንድሮ የመምጫ ፈቃዱ ሊሰጠው ነው ተብሏል።

«አልጋ ገዝቸለታለሁ» አሉኝ። «መስኮቱ ጋ አድርጌዋለሁ። እንደ ልጅነቱ ከሆነ ተራራ ሳያይ እንቅልፍ አይወስደውም።»

በየዓርቡ እንደሚደዋወሉም ነገሩኝ። አዳመጥኳቸው፣ ግን ግማሽ ልቤ ፍየሎቹ ጋ ነበር።

ሐሙስ፣ ኖቬምበር 6

ሐይም ቢሮ መጣ። የእትዬ ስንቅነሽ ልጅ ነው፣ ከመሀል ከተማ ወደ ላይኛው ሰፈር፣ ወደ አፉላ ኢሊት፣ የሚወጣውን አውቶቡስ ይነዳል። የሥራ ሸሚዙን እንደለበሰ በሩ ላይ ቆመ።

«ዶድ ሙላው ሞተ» አለኝ። አጎቱን «ዶድ»፣ እናቱን «ኢማ» እያለ በዕብራይስጥ ነው የሚጠራቸው። «ማክሰኞ። ልቡ ነው አሉ። ኢማ አታውቅም። አባ ሰይፉና ዘመዶች እሑድ ንጋት ላይ መጥተው ያረዷታል። ሰባት ቀን ለቅሶ፣ ሺቫ፣ ትቀመጣለች። እንድትለቂያት ልነግርሽ ነው።»

እግዚአብሔር ያጽናችሁ አልኩት። መጀመሪያ ያልኩት እሱን ነው፤ እርግጠኛ ነኝ።

ቀጥሎ ሰማዩን አሰብኩ። ሰባት ቀን ተቀምጠው ቢመለሱ ወሩ ይጋመሳል፤ ድምፃቸውም ልባቸውም የት ሊሆን እንደሚችል ማን ያውቃል። ጨርሶ ባይመለሱስ? ያልሞተ ሰው ማልቀስ ነውር ነው ያሉ ሴት የገዛ ወንድማቸው ሞቶ ለፊልም ያለቅሳሉ?

«ደም ግፊታቸውስ?» አልኩት። «አሁን ከፀሐይ ላይ እየዋሉ ነው፣ ደክመዋል። ስግድ እስኪያልፍ ብትቆዩስ? በዓል ደርሷል።»

ሐይም ገር ነው፣ ሰው ከተናገረው ያምናል። «ሰላሳ ቀን ካለፈ በኋላ የሰማ ሰው ሺቫ የለውም፣ አንድ ሰዓት ብቻ ነው የሚቀመጠው» አለኝ፣ የሃይማኖት ትምህርት ቤት ተማሪ ስለነበር። ሰላሳ ቀን እንደማይሞላ ነገርኩት። ከዚያ አብረን ወደ አባ ሰይፉ ሄድን።

አባ ሰይፉ የእትዬ ስንቅነሽ የሟች ባላቸው ወንድም ናቸው፤ ኢሊት ምድር ቤት ይኖራሉ። መርዶ መቼና እንዴት እንደሚነገር የሚወስኑት እሳቸው ናቸው። ሁሉን ሰምተው እንዲህ አሉኝ፦

«መርዶ ለሚረዳው ሰው ሲባል ይዘገያል። ሙሽራ ከሆነች ይዘገያል፣ አራስ ከሆነች ይዘገያል። ለሌላ ነገር ሲባል አይዘገይም። ይህን የምትይው ለሷ ብለሽ ነው፣ ልጀ?»

«ለሳቸው ብዬ ነው» አልኩ።

እሺ አሉ። ከስግድ በኋላ በመጀመሪያው ሰኞ። ዘመዶቹ ሁሉ አፋቸውን እንዲይዙ ይነገራል።

ለሳቸውም ብዬ ነው። ደም ግፊት በእርግጥ አለባቸው፣ መድኃኒታቸውን አይቼዋለሁ።

እሑድ፣ ኖቬምበር 9

ጥሩ ቀን። ጉድጓዱ አጠገብ ያለው ክፍል ተቀረጸ። እትዬ ስንቅነሽ በደንብ በሉ። ሁለቴ ሳቁ።

ሐይም ዓይኔን አያይም።

ትንበያው፦ ፀሐይ፣ ፀሐይ፣ ፀሐይ፣ ጥቂት ደመና።

ረቡዕ፣ ኖቬምበር 12

«ሙላው ዓርብ አላነሳልኝም» አሉኝ፣ ልብሳቸውን እየቀየሩ። «አንች የተማርሽ ነሽ፣ እስቲ ይችን ስልክ እይልኝ።»

አየሁት። ያልተመለሱ ጥሪዎች ተደርድረዋል፣ ሁሉም ላይ ሙላው ይላል። ሚስቱ ትሆናለች በእሱ ስልክ የምትደውለው። እትዬ ስንቅነሽ ማንበብ አይችሉም፤ ቀረጻ ላይ ደግሞ ድምፅ እንዲጠፋ የቀረጻ አስተባባሪያችን ተሂላ ስልኮቹን ሁሉ ጠዋት ጠዋት ትዘጋለች።

«በዚያ በኩል ኔትወርክ የለም» አልኳቸው። ይህ እውነት ሊሆን ይችላል። ብዙ ጊዜ የለም።

«ስልኩም ሳይበላሽ አልቀረም፣ ላሠራልዎት» ብዬ ያዝኩት። አጥፍቼ ቢሮዬ መሳቢያ ውስጥ አስቀመጥኩት። ቀረጻ ላይ ስልክ ማጥፋት ደንብ ነው፤ ሁላችንም እናጠፋለን።

መረቁኝ። «እድሜሽ ይርዘም፣ ክፉ አይንካሽ» አሉኝ። አሜን ማለት አቃተኝና የጠሩኝ መስዬ ሮጥኩ።

ዓርብ፣ ኖቬምበር 14

የሚቀጥለው ሐሙስ ስግድ ነው፣ የኛ የኢትዮጵያ አይሁዶች የጾምና የጸሎት በዓል። ይህን ነገር ሳላስበው ቀረሁ። አገር ምድሩ ኢየሩሳሌም ይወጣል፤ ጎንደር የሰማ፣ ቂርያት ጋት የሰማ፣ ሁሉ እዚያ ይገናኛል። አባ ሰይፉ ስንቱን አፍ ይይዛሉ? አንዷ አንገታቸውን አቅፋ «እህቴ» ብላ ካለቀሰች በቃ። መርዶ እንደዚያ በድንገት፣ በሕዝብ መሀል መሰማት የለበትም። ይህን አባ ሰይፉም ይስማሙበታል።

የተራራውን ለቅሶ ቀረጻ ከሃያ ሦስት ወደ ሃያ፣ ማለት ወደ ሐሙስ አመጣሁት። ለዓርብና ለቅዳሜ ዝናብ ተተንብዮአል፤ ከዚያ በፊት መያዝ አለበት። ሊዮር «ታዲያ ረቡዕ አይሻልም? ሐሙስ በዓላችሁ አይደለም እንዴ?» አለኝ። ካሜራውን ወደ ላይ የሚያነሳው ክሬን የሚገኘው ሐሙስ ብቻ ነው አልኩት። አልዋሸሁም። ለረቡዕ አልጠየቅኩም እንጂ።

የጨነቀው እርጉዝ ያገባል ይል ነበር አባቴ።

ሰኞ፣ ኖቬምበር 17

ተሂላ ፕሮግራሙን ይዛ መጣች። እዚሁ አፉላ የተወለደች ናት፣ ወላጆቿ የጎንደር ሰዎች። በሩን ዘጋችው።

«ሊዮር ቢረሳ አይገርመኝም። አንቺ ግን ስግድ ቀን ሥራ ጻፍሽ? ማ ፒቶም፣ ምን ነካሽ? አባቴን ምን ልበለው? ኢትዮጵያዊቷ ፕሮዲውሰር ከለከለችኝ ልበለው?»

«ክሬኑ…»

«ክሬን አትበይኝ። ለክሬኑ ሰውዬ እኔ ደውዬአለሁ። ሳምንቱን ሙሉ ነፃ ነው።»

ልነግራት አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ብነግራት ደግሞ ያንን የሚያውቅ ሌላ ፊት ተራራው ላይ ይኖራል፤ የሷ ፊት ምንም አይደብቅም። «ምክንያት አለኝ» አልኳት። «ሁልጊዜ አለሽ» አለችኝና ወጣች። ሐሙስ እንደምትመጣ ግን ታውቃለች፣ አውቃለሁ። ከሥራ ቀርታ አታውቅም።

ለእትዬ ስንቅነሽ ራሴ ነገርኳቸው። እዚህ አገር ከገቡ ጀምሮ ስግድ ቀርተው አያውቁም። ረጅም ጊዜ ነጠላቸውን ሲያስተካክሉ ቆዩ።

«ሌላ ቀን አይሆንም?»

«አይሆንም፣ እትዬ።»

«በይ እንግዲህ። ቃል ሰጥቻለሁ። ጾሜን እዚያው እጾማለሁ፣ ተራራ ተራራ ነው።» ትንሽ ቆይተው ደግሞ «የሙላውን ጉዳይ እዚያ አሳስብለት ነበር፣ በጸሎቱ» አሉ።

 

ማክሰኞ፣ ኖቬምበር 18

ደመና የለም። ትንበያው ግን ዝናብ ይላል። እነሱ ከኔ የተሻለ ያውቃሉ።

ሐይም በስልክ፦ «ኢማ የስልኬ ነገር የት ደረሰ ትላለች።» ነገ አልኩት።

ሐሙስ፣ ኖቬምበር 20

መጻፍ አልፈልግም፤ ካልጻፍኩ ደግሞ አልተኛም።

ጠዋት ነጭ ለብሰው መጡ፣ የስግድ ልብሳቸውን። የፊልሙን ጥቁር ልብስ በላዩ ደረቡበት። ውሃ ልስጥዎት ብላቸው እጃቸውን አወዛወዙ፤ ጾም ናቸው። ተሂላም ጾማለች፣ ከኔ ጋር ግን አታወራም። እኔ ቡና ጠጥቼ ነው የወጣሁት፣ ከመኪናው ጀርባ ተደብቄ።

ለቅሶው በጽሑፍ የለም። ሊዮር ከመጀመሪያ ጀምሮ «የሚሉትን ራሳቸው ያውቃሉ» ብሏል። ክሬኑ ተነሳ። እሳቸው ብቻቸውን ጫፉ ላይ ቆመው ቁልቁል ሸለቆውን አዩ፤ ጀመሩ።

የመጀመሪያው ጊዜ ላይ ሁሉም ሰው ደነዘዘ። መብራት የሚይዘው ሩሲያዊ ኮፍያውን አወለቀ። ግን ከታች ትራክተር ተሰማ። እንደገና። ሁለተኛው ላይ ነፋስ ነጠላውን ካሜራው ላይ ወረወረው። እንደገና። ሦስተኛው ላይ ሊዮር ክሬኑ ቸኮለ አለ። በየጊዜው የምጠይቃቸው እኔ ነኝ፣ ከተሂላ በቀር ሌላው ቋንቋውን አይችልም። «እትዬ፣ አንዴ እንደገና።» «እሺ ልጀ።» ከአራተኛው በኋላ ድምፃቸው ሻከረ። ሊዮር ሻካራውን የበለጠ ወደደው። ተሂላ «ጾም ናቸው እኮ» ብላ ጮኸች፤ የመጀመሪያ ቃሏ ነበር። እኔ ሰማዩን አየሁ፤ ከምዕራብ የሆነ ነገር ይታያል፣ አቧራም ሊሆን ይችላል። «አንዴ እንደገና» አልኳቸው።

በመጨረሻው ላይ እንዲህ ሆነ። ለሟቹ ልጅ ሲያለቅሱ ቆዩና፣ ለቅሶ ሊደርስ ያልመጣውን ጎረቤት ሁሉ በስም በስሙ ወቀሱ፤ ከዚያ እጃቸውን ወደ ሸለቆው ዘርግተው፣ ድምፃቸው እየተቆረጠ፦

ደጇ ጭር አለ ብላችሁ አትሳቁ፣
ሙላው ይመጣልኛል መንገዱን ልቀቁ።

ደገሙት። መንገዱን ልቀቁ እያሉ ተንበረከኩ።

ሊዮር አለቀሰ። «ይሄ ነው፣ ይሄ ነው። ምን አሉ?» ብሎ ክንዴን ያዘኝ።

«ወንድሜ ይመጣል አሉ።»

«ወንድም አላት እንዴ በታሪኩ?»

«አሁን አላት» አልኩት።

ተሂላ አማርኛውን ሰምታለች። ለምን እንዳነባሁ ግን አልገባትም። ውሃ ይዤላቸው ስሄድ «ተሳካልሽ ወይ?» አሉኝ፣ በሹክሹክታ። ተሳካ አልኳቸው። «እንዲያው አፌ ላይ መጣ» አሉ፣ ይቅርታ እንደሚጠይቅ ሰው።

ዓርብ፣ ኖቬምበር 21

ድምፃቸው ጠፍቷል። ጨርሶ። ማርና ዝንጅብል ላክሁ። ሐኪሙ ሁለት ሳምንት አይናገሩ ብሏል።

ዝናብ የለም።

ቅዳሜ፣ ኖቬምበር 22

ለኤልቪራ ለቅሶውን ላክሁላት። ወዲያው ደወለች፣ አባቷ ቢያየው እንደሚኮራ ነገረችኝ። ያ የካሜራ ባለሙያ በኋላ ምን አለ፣ ቤቱ መቃጠሉን ሲሰማ? ብዬ ጠየቅኳት። ለምን እንደጠየቅኳት አላውቅም።

«ምንም አላለም። ካሜራውን አጽድቶ ሳጥኑ ውስጥ ከተተና ወጣ። አባቴን ሃያ ዓመት ሙሉ አላናገረውም። ቤቱ ውስጥ እናቱ ነበረች።»

«ይህን ያኔ አልነገርሽኝም።»

«ፊልሙን ብቻ ነው የጠየቅሽኝ» አለች።

እሑድ፣ ኖቬምበር 23

ጠራራ ፀሐይ። ተራራው እንዳለ ቢጫ ነው። ከመስኮት አይቼው መጋረጃውን ዘጋሁት።

ግድግዳው ላይ የለጠፍኩትን ወረቀት አነሳሁ። ቴፑ ቀለሙን ይዞት መጣ።

ስልኩን ለሐይም መለስኩለት። መርዶው ነገ ንጋት ላይ ነው።

ሰኞ፣ ኖቬምበር 24

ገና ጨለማው ሳይገፈፍ እትዬ ስንቅነሽ ቤት ደረጃ ላይ ቆምን፣ ነጠላችንን አዘቅዝቀን። አባ ሰይፉ ከፊት፣ ሐይም ከጎናቸው፣ ከኋላ ሴቶቹ። እኔ የታችኛው ወለል ላይ ነበርኩ። በሩ ሲከፈትና ያን ሁሉ ሰው ሲያዩ ገብቷቸዋል። የኛ አገር ሰው ለዚህ ነገር ማብራሪያ አይፈልግም።

«ስንቅነሽ፣ በርቺ። ሙላው አርፏል» አሉ አባ ሰይፉ።

አፋቸውን ከፈቱ። ምንም አልወጣም። ደረታቸውን መቱ፣ ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፣ ግን ትንፋሽ ብቻ ነው የሚሰማው። ሴቶቹ ቆመው ጠበቁ። ሙሾውን የምታወርደው እህት ናት፣ እሳቸው ካልጀመሩ ሌላው ምኑን ይቀበል? ወንድም ሞቶ ቤቱ ጸጥ አለ። አንዷ ሌላዋ ጆሮ ላይ «ለባዳው ስንቱን አልቅሳ፣ ለገዛ ወንድሟ ደረቀች» ስትል ሰማሁ።

ድምፃቸውን እኔ ነኝ የወሰድኩት ማለት ነበረብኝ። ደረጃውን ይዤ ቆምኩ። በኋላ መኪናዬ ውስጥ ገብቼ በሩን ቆልፌ አለቀስኩ፤ ለማን እንደሆነ ባውቅ ጥሩ ነበር።

ማክሰኞ፣ ኖቬምበር 25

አልሄድኩም። ቢሮ ውስጥ የማይረባ ሥራ ሠራሁ።

ተሂላ ሁሉንም ሰምታለች። «ኢማ ሼሊ እዚያ ናት» አለችኝ፣ እናቷን ማለቷ ነው። «ሰው ምን እንደሚል ታውቂያለሽ? ስግድ አልመጣችም፣ ለወንድሟ አላለቀሰችም፣ ፊልም ሠሪዎቹ አበላሿት ይላል።» ተቆጥታ ብትጮህብኝ ይሻለኝ ነበር። ቀስ ብላ ነው የነገረችኝ።

ረቡዕ፣ ኖቬምበር 26

ሄድኩ። ከሕንፃው በታች ድንኳን ተተክሏል፣ እሳቸው ግን ላይ ቤታቸው ምንጣፍ ላይ ተቀምጠዋል፣ ሴቶች ዙሪያቸውን። በመስኮቱ በኩል ያለው አልጋ እንደተነጠፈ ነው። ማንም አልተቀመጠበትም።

ሲያዩኝ እጃቸውን ዘረጉ። አጠገባቸው ተቀመጥኩ። ክንዴን ይዘው ጆሮዬን ወደ አፋቸው አስጠጉት። የሐኪሙን ትእዛዝ ጥሰው የተናገሩት ለኔ ብቻ ነው መሰለኝ።

«መቼ ነው የሰማሽው?» አሉኝ።

አባ ሰይፉ በሩ አጠገብ ነበሩ። ሐይም ዓይኑን ወደ ወለሉ ጣለ። ሁለቱም እንድዋሽ የሚጠብቁ መሰለኝ፤ ወይም እኔ ፈለግኩት።

«ቀረጻው በተጀመረ በአራተኛው ቀን። እሑድ ሊያረዱዎት ነበር። ያስቆምኳቸው እኔ ነኝ።»

ደም ግፊት አላልኩም።

 ጣታቸው ክንዴ ላይ እንዳለ ነው። ደግመው ጆሮዬን ወደ አፋቸው ሳቡት። «ተራራው ላይ ስሙን ጠርቸዋለሁ። ቃሉ ጠፋብኝ። ምን ብዬ ነበር?»

በቃሌ አውቀዋለሁ። ከሐሙስ ወዲህ ስንት ጊዜ እንዳዳመጥኩት አላውቅም። በጆሯቸው ነገርኳቸው።

«ለኔ አይደለም» አሉ። «ለሰው በይው።»

እኔ ሙሾ አውርጄ አላውቅም። ያደግኩት አዳሪ ትምህርት ቤት ነው፤ ለቅሶ ቤት ስሄድ ከኋላ ቆሜ ስልኬን የማይ ሰው ነኝ። አሁን ያ ሁሉ ሴት ያየኛል። ደጇ ጭር አለ ብላችሁ አትሳቁ፣ አልኩ። እንደ ትምህርት ቤት ግጥም ወጣ። ሙላው ይመጣልኛል ብዬ አቆምኩ።

ክንዴን ጨመቁት። እንደገና አልኩት፣ ጮክ ብዬ። ከሰኞ ጀምሮ ስታማቸው የነበረችው ሴት፣ እሷው፣ ፊቷ ተለወጠና «መንገዱን ልቀቁ» ብላ ተቀበለችኝ። ሌላዋ ተከተለች። ከዚያ ቤቱ በሙሉ ተነሳ፤ ከታች ድንኳኑ ውስጥ ያሉት ወንዶች ሳይቀሩ ቆመው እንደነበር ሐይም በኋላ ነገረኝ። እትዬ ስንቅነሽ ዕንባቸው እየወረደ፣ ያለ ድምፅ፣ ቃሉን በከንፈራቸው አብረውን ይሉ ነበር። ሙላው በስንት ቀኑ ተለቀሰ።

ጋብ ሲል ተነስቼ ልወጣ ነበር። አለቀቁኝም። ለሦስተኛ ጊዜ ጆሮዬን ወደ አፋቸው ሳቡት። እርግማን ነው የጠበቅሁት፤ ተዘጋጅቼበታለሁ።

«የዚያኑ ጊዜ ብትነግሪኝ» አሉኝ፣ «ሰባት ቀኔን ተቀምጨ እመጣልሽ ነበር። ቃሌን ሰጥቸሽ አልነበር?»